የልውውጥ ሙሽሮች

አዋላጅ ነርስ ሆኜ ካማሺ ዞን ስመደብ ጎጃም ያሉ ዘመዶቼ ያዘኑልኝ ለሙቀቱና ለወባው ነበር። ሙቀቱን ለመድኩት፤ ወባውም ያዘኝና ለቀቀኝ። ለመልመድ የተቸገርኩት ሌላ ነገር ነው። አንዲት ልጅ ፊቴ ተቀምጣ ስታወራኝ ጉዳዩ የእሷ ብቻ ይመስለኛል፤ እዚያ አገር ግን የአንዷ ሆድ የሌላዋን ትዳር ያናጋል።

ጤና ጣቢያችን ከከተማው ራቅ ብሎ ማንጎ ዛፎች መሀል ነው። ይህችን የማወራላችሁን የጉሙዝ ልጅ መጀመሪያ ያየኋት ከትምህርት ቤት ስትመለስ ነው፤ ደብተሮቿን በፌስታል ይዛለች። ሰባተኛ ክፍል ናት። ዕድሜዋን አሥራ ስድስት አለችኝ፤ እኔ በልቤ ትንሽ ቀነስኩለት። የምትፈልገው የሦስት ወር የወሊድ መከላከያ መርፌ ነው።

“ባልሽ ያውቃል?” አልኳት።

“ያውቃል። እሱም ይማራል። እናት ግን አያውቅም።” እናት ያለችው አማቷን ነው።

ያገባችው በልውውጥ ነው። በአገሩ ወግ ወንድ ሚስት ሲያገባ የራሱን እህት ለሚስቱ ወንድም ይሰጣል። ታላቅ ወንድሟ ሚስት ሲያምረው እሷ የሚስቱ ወንድም ቤት ገባች፤ ትፈልጊያለሽ ወይ ያላት የለም። ደግነቱ ባሏ ጥሩ ልጅ ሆኖ ተገኘ። ስምንተኛን እስክትፈተን ድረስ ላይወልዱ ተስማምተዋል። ሁሉም ሰው እንደናንተ ቢሆን እኔ ሥራ እፈታ ነበር ብዬ ቀለድኩ። እሷ ሳትስቅ ክንዷን ሰጠችኝ።

ነገር የመጣው የወንድሟ ሚስት ስትወልድ ነው። ይህች የወንድሟ ሚስት የአማቷ ልጅ፣ የባሏ እህት ናት፤ በዕድሜም እኩያዋ። ብዙም ሳይቆይ አማቷ ጤና ጣቢያ መጣች። በሁለት ጫፉ ሸክም አንጠልጥላ ትከሻዋ ላይ የምታጋድመውን ዘንግ ከነጭነቱ በር ላይ አስቀመጠችና ተቀመጪ ስላት እንኳ ሳትቀመጥ ተናገረችኝ።

“እኛ ልጅ እዛ ሄደ፣ ወለደ። እነሱ ልጅ እዚህ መጣ፣ አልወለደም። ሲስተር፣ ይሄ ልክ ነው?”

“ገና ልጅ ናት፤ ትማር እንጂ” አልኳት።

“የኔስ? ልጅ አይደለም?”

ልጠላት ፈልጌ ነበር፤ አልቻልኩም። የራሷ ልጅ ትምህርት ሳታይ ወልዳለች፤ የሰው ልጅ ደግሞ እሷ ቤት ተቀምጣ ደብተር ትይዛለች። ስለ መርፌው ግን አልተነፈስኩም፤ የደንበኛዬ ምስጢር ነው።

ነገሩ በሐሜት የሚያልቅ አልነበረም። ምራት አልወልድ ካለች “ልጃችንን መልሱ” ይባላል። የአማቷ ልጅ ወደ ወላጆቿ ስትመለስ ይህችም ወደ ወላጆቿ ትመለሳለች። ሁለት ቤት በአንድ ቀን ይፈርሳል፤ ሕፃኑ ግን የአባቱ ነውና እዚያው ይቀራል።

የመርፌዋ ቀን ደረሰና መጣች። ክንዷን ግን አልሰጠችኝም።

“ሲስተር፣ መርፌ ይቅር።”

ተናደድኩ። እኔ ስናደድ ድምፄ ግቢው ውስጥ ሁሉ ይሰማል። ፈተናውስ? ምጥ ቀልድ መሰለሽ? በዚህ ሰውነትሽ? እያልኩ ጮህኩባት። እስክጨርስ ጠበቀችኝ።

“እሷን ይወስዳሉ” አለች። “ልጁ እኛ ቤት ይቀራል። ማን ያጠባል?”

እኔ የእሷን ማሕፀን ሳስብ እሷ የምታስበው የወንድሟ ልጅ የሚጠባውን ጡት ነበር። የማውቀውን ምክር ሁሉ ሰጠኋት፤ አዳምጣኝ ሄደች። በሩን ዘግቼ አለቀስኩ። በማን እንደምናደድ እንኳ ጠፋብኝ።

መርፌው ከሰውነት እስኪወጣ ጊዜ ስለሚወስድ ፅንሱ ቶሎ አልመጣም። ሲመጣ ስምንተኛ ክፍል ገብታ ነበር። ሆዷ ሲገፋ ከትምህርት ቤት ቀረች፤ ጓደኞቿ ሲፈተኑ እሷ መውለጃዋ ደርሶ ነበር። በአካባቢው ከቤት ርቀው ብቻቸውን የሚወልዱ ሴቶች ስላሉ ሰግቼ ነበር፤ ደግነቱ ወደ እኔ መጣች። ምጡ ከባድ ነበር፤ ደምም ፈሰሳት። ወደ አሶሳ ለመላክ አምቡላንስ ስንፈልግ ደሙ ቆመላት። አማቷ የተወለደችውን ሕፃን ተቀብላ “አሁን ልክ ነው” አለች። በደስታ ፊቷ በርቶ ነበር። እኔ ገና ደሙን ከወለሉ እያጠብኩ ነበር።

ሕፃኗ አንገቷን በደንብ ሳትይዝ እናቷ ተመልሳ መጣች፤ ሌላ ሕፃን ያዘለች ልጅ አብራት አለች።

“የወንድሜ ሚስት ነው” አለችኝ። አግዳሚው ላይ ጎን ለጎን ተቀመጡ። “ሁለታችን መርፌ ስጠን። እሷ ካልወለደ፣ እኔ ካልወለደ፣ ማንም አይጠይቅም።”

ከትከት ብዬ ሳቅሁ። እዚህም ዜሮ፣ እዚያም ዜሮ ከሆነ ማን ማንን ይከሳል? በደስታ ተነስቼ ሳጥኑን ከፈትኩ። አንድ ብልቃጥ ብቻ ቀርቷል። ክረምት ነው፣ መንገዱ ጭቃ ነው፣ መድኃኒት የጫነ መኪና ከመጣ ቆይቷል።

“አንቺ ተወጊ” አልኳት። “ትምህርት ቤት የምትገቢው አንቺ ነሽ።”

ወደ ወንድሟ ሚስት ዞር ብላ በቋንቋቸው ተነጋገሩ። “ለአንድ ሰው አይሠራም” አለችኝና ሁለቱም ልጆቻቸውን አዝለው ወጡ።

የዞኑ መድኃኒት መጋዘን ኃላፊ ስልክ ላይ ስለ መንገዱ ሲዘረዝርልኝ ጮህኩበት። በሞተርም ይሁን በእግር፣ እንደምንም ላክ አልኩት። አንድ ሞተረኛ በጭቃ ተለውሶ ካርቶኑን አደረሰልኝ። ሁለቱንም አስጠራኋቸው፤ በአንድ ቀን ተወጉ።

መስከረም ላይ ስምንተኛን እንደገና ጀመረች። በትምህርት ቤቱ በኩል ሳልፍ የወንድሟ ሚስት አጥሩ ጥላ ሥር ሁለቱን ሕፃናት ይዛ ተቀምጣ አየሁ፤ ተማሪዋ በዕረፍት ወጥታ ልጇን እንድታጠባ ነው። ከአንደኛ ክፍል የትንንሽ ልጆች የፊደል ጩኸት ይሰማል። ጠጋ ብዬ “አንቺስ?” አልኳት።

“እሷ ይጨርሳል” አለችኝ፣ ልጆቹን እያወዛወዘች። “ከዛ እኔ ይገባል። እሷ ልጅ ይይዛል።”