ለሺኛው ቀን የሚታተመው ፎቶግራፍ

ፓክ ማርሱዲን በደንብ አውቃቸዋለሁ ማለት አልችልም። ለአሥራ አንድ ዓመት መጽሐፎቻቸውን ፊደል የለቀምኩላቸው እኔ ነኝ፤ ቤታቸው የገባሁት ግን አራት ጊዜ ብቻ ነው፣ አራቱም በአንድ ሳምንት ውስጥ። ልጃቸው ዊጋቲ ብትጽፈው ይሻል ነበር። እሷ ግን አሁን ስለ አባቷ ባያነሱባት ትመርጣለች።

የምሠራው እዚሁ ዮግያካርታ፣ ወንዙ አጠገብ ባለች ትንሽ ማተሚያ ቤት ነው። እኛ ጋ አባት የሚሆንን ሰው "ፓክ"፣ እናት የምትሆንን "ቡ"፣ ወንድም የሚሆንን "ማስ" እንላለን። ፓክ ማርሱዲ ሬዲዮ ጠጋኝ ነበሩ። ዓይናቸው ብየዳውን ማየት ሲያቅተው መጻፍ ጀመሩ። መጀመሪያ ቴሌቪዥን ስለ መጠገን ጻፉ፣ ቀጥሎ ስለ ሞባይል። ሰፈራቸው ሌባ የበዛበት ዓመት ቤትን ስለ መጠበቅ አንድ መጽሐፍ አወጡ፤ በደንብ ተሸጠ። ከዚያ ኮምፒውተርን ከሰርጎ ገብ ስለ መጠበቅ ሌላ ጨመሩ። በመሃል በመሃሉ ደግሞ በሌላ ስም የፍቅር ልብ ወለድ ያመጡልን ነበር፣ ሽፋኑ ላይ ፀጉሯ የረጠበ ሴት የምትወጣበት ዓይነት።

ማሽኒስታችን ማስ ፓይጃን ልብ ወለዱ የመጣ ቀን አይለቃቸውም። ወረቀቱን በቀለም በተበከለ ጣቱ እያገላበጠ፣ "ፓክ፣ ይሄኛውንም እንደ ቴሌቪዥኑ በሥዕል አስደግፈውታል?" ይላቸዋል። እሳቸው ጆሯቸው ድረስ ይቀሉና የገጹን ቁጥር መቁጠር ይጀምራሉ።

ሚስታቸውን ቡ ሱሚናህን ያየኋቸው ሁለት ጊዜ ነው፣ ባላቸው የረሱትን ወረቀት ሊያደርሱ ሲመጡ። ገበያ ውስጥ ከአኩሪ አተር የሚሠራ ቴምፔ ይሸጡ ነበር፤ ሲስቁ ትከሻቸው ይንቀጠቀጣል። "የኔ ሰውዬ አንዱ መጽሐፍ ላይ በር መቆለፍ ያስተምራል፣ ሌላው ላይ በር ስለሚከፍቱ ሴቶች ይጽፋል። የራሱን በር ግን ከፍቶት ነው የሚወጣው" አሉን። ማስ ፓይጃን ሲስቅ ቀለም ደፋ።

ቡ ሱሚናህን ስኳር በሽታ ገደላቸው። ከዚያ በኋላ ፓክ ማርሱዲ የሥራ መጽሐፍ ማምጣት አቆሙ። አንድ ቀን ደጃፉ ላይ ቆመው፣ ስለ ሱሚናህ እየጻፉ መሆኑን፣ ይሄኛው በእውነተኛ ስማቸው እንደሚወጣ ነገሩኝ። ርዕሱን ስጠይቃቸው ገና ነው አሉ።

ቡ ሱሚናህ ከሞቱ ሺኛው ቀን፣ የመጨረሻው ትልቅ መታሰቢያ፣ ሲቀርብ ዊጋቲ መጣች። እንደ ወጉ ለጸሎቱ ያሲን፣ ከቁርዓን የሚቀራውን ምዕራፍ የያዘች ትንሽ መጽሐፍ፣ ማሳተም ነበረባት፤ ፊት ገጹ ላይ የእናቷ ፎቶግራፍ፣ ስማቸው፣ የተወለዱበትና የሞቱበት ቀን ያለበት። እንግዳ ሁሉ አንዳንድ ይዞ ይሄዳል፣ ቤቱ ያስቀምጠዋል፣ ለዓመታት እያነበበ ሟቿን ያያል። እጇ ላይ የነበረው ፎቶ ግን የመታወቂያው ብቻ ነበር። አልበሙ ጣራው ያፈሰሰ ክረምት በስብሷል። ከመበስበሱ በፊት አባቷ ሁሉንም ኮምፒውተራቸው ውስጥ አስገብተውታል። የጻፉት መጽሐፍም እዚያው ነው። ኮምፒውተሩ ተቆልፏል፣ እሳቸው ደግሞ የይለፍ ቃሉን ረስቼዋለሁ ብለዋል።

ማንም አልተጠራጠራቸውም። ሚስታቸው ከሞቱ ወዲህ ሻይ ላይ ጨው ይጨምሩ ነበር፤ ከመስጊድ የሌላ ሰው ጫማ አድርገው ይመለሱ ነበር።

እኔን የጠራችኝ ኮምፒውተርን ስለ መጠበቅ የጻፉትን መጽሐፍ ስለማውቅ ነው። ምዕራፍ ስድስትን የለቀምኩት በእጄ ነው፤ ሰባት ጊዜ ከተሳሳቱ ማሽኑ ያለውን ሁሉ እንዲያጠፋ የሚደረግበትን መንገድ ያስተምራል። ፓክ ማርሱዲ የጻፉትን በራሳቸው ኮምፒውተር ላይ ፈጽመውታል። የይለፍ ቃልን ወረቀት ላይ አትጻፉ ይላል እዚያው። ሌባ የልደት ቀን ይገምታል፣ ዌቶን ግን አይገምትም፤ ስለዚህ የምትወዱት ሰው የተወለደበትን ዕለት በየአምስት ቀኑ ከሚዞሩት የገበያ ቀናት ስም ጋር አጣምሩ ይላል።

ይህን ሳነብላት ዊጋቲ ፊቷ በራ። የእናቷን ዌቶን የማያውቅ ማን አለ? ጋብቻው ሲታሰብ ሽማግሌዎች የሁለቱን ደምረው፣ ቀንሰው፣ ይስማማል ያሉት በዚያ ነው። ቅዳሜ ሌጊ። ጻፈችው፣ አልከፈተም። አያይዛ ጻፈችው፤ እምቢ። የገበያውን ቀን አስቀድማ ሞከረች። በማግስቱ የራሷን ዌቶን ሞከርን፣ በሦስተኛው ቀን የእናቷን ከተወለዱበት ዓመት ጋር፣ ቀጥሎ የአያቷን። ስድስት ሆነ። በየጊዜው ፓክ ማርሱዲ መስኮቱ ሥር ተቀምጠው ያዩን ነበር። አንድም ጊዜ ይህን ሞክሩ አላሉም። እርጅና ነው ብዬ አዘንኩላቸው።

በአራተኛው ቀን የሄድኩት ከሰዓት በኋላ ነው። ያሲኑ በዚያው ቀን ማሽን ላይ ካልወጣ ለጸሎቱ አይደርስም። ዊጋቲ ከአክስቷ ጋር በስልክ አውርታ ነበር፤ እናቷ የተወለዱት ከመግሪብ በኋላ ነው ብላታለች። ፀሐይ ከጠለቀች ደግሞ በእኛ ቆጠራ ዕለቱ የማግስቱ ነው፣ እሑድ ፓሂንግ። ሽማግሌዎቹ ተሳስተዋል ማለት ነው፣ አባቷ ግን ትክክለኛውን ያውቁ ነበር ማለት ነው። እንዲህ እያለች ታስረዳኛለች።

"ከሳትሽውስ?" አልኳት። "በመታወቂያው ብናሳትም ይሻላል፤ አድምቄ አወጣዋለሁ።"

"መታወቂያዋ ላይ የተያዘች ሌባ ነው የምትመስለው፣ ማስ ቱኪራን። ሰው ሁሉ ቤቱ እሱን ያስቀምጥ?"

"ተዪው፣ ልጄ" አሉ ፓክ ማርሱዲ ከመስኮቱ ሥር። "ሰዉ ፊቷን ያውቀዋል።"

"የልጅ ልጅዎ አያውቃትም፣ ፓክ።"

ዊጋቲ ቢስሚላህ ብላ መጻፍ ጀመረች። እሑድ የሚለውን ጨርሳ የፓሂንግን መጀመሪያ ስትነካ፣ እሳቸው ተነሥተው መጡና እጃቸውን እጇ ላይ ጫኑ።

"አይደለም" አሉ።

ኮምፒውተሩን ወደ ራሳቸው አዞሩት። የጻፈችውን አጠፉ። በሁለት ጣት ነው የሚጽፉት፣ እንደ ድሮው። መሃል ላይ ቆም አላሉም፣ ፊደል አልፈለጉም። ተከፈተ።

ፎቶዎቹ በተርታ መጡ። ዊጋቲ አንዱን ነካች። ቡ ሱሚናህ ፓራንግትሪቲስ ባሕር ዳር ጫማቸውን በእጃቸው ይዘው ቆመዋል፤ ማዕበሉ ያገለደሙትን ሳሮንግ እስከ ጉልበት አርሶታል፣ ትከሻቸው የተንቀጠቀጠ ይመስላል። ዊጋቲ አፏን በእጇ ሸፍና አለቀሰች። እኔም አለቀስኩ። የመጽሐፉ ፋይል ከፎቶዎቹ በታች ነበር። መቶ አሥራ ሁለት ገጽ፤ ስሙ "ሱሚናህ" ብቻ።

ፎቶውን ወደ ፍላሽ ስገለብጥ ዊጋቲ ዓይኗን እየጠረገች፣ ደግመው ቢረሱት እንዳይቸግር የይለፍ ቃሉን ልጻፈው አለች። እስክሪብቶ አነሣች። ፓክ ማርሱዲ ወደ መስኮቱ ዞሩ።

"ሮብ ዋጌ" አሉ።

መጻፍ ጀምራ አቆመች። እኔም በልቤ ቤተሰቡን ዞርኩት። እናቷ ቅዳሜ፣ እሷ ዓርብ፣ አያቷ ሰኞ። እዚያ ቤት ሮብ የተወለደ ሰው የለም። ያኔ መውጣት ነበረብኝ፤ ፍላሹ ግን አልጨረሰም ነበር፣ ወይም እንደዚያ ብዬ ራሴን አታለልኩ።

"ረስተውት አልነበረም" አለች ዊጋቲ። ድምፅዋ ቁጣ አልነበረበትም፣ ቢኖርበት ይቀለኝ ነበር። "አራት ቀን ሙሉ እዚያ ተቀምጠው አዩን። አንድ ቢቀር እንኳ ዝም አሉ።"

"ተናገርኩ እኮ" አሉ ቀስ ብለው።

"አዎ። ተናገሩ።"

በሱሚናህ ስም የተቀመጠውን ፋይል ተመለከተች። አልከፈተችውም። ልትከፍተው ጣቷን አስጠግታ መለሰችው። ከዚያ ዞራ አባቷን ፊት ለፊት አየቻቸው፤ ሕፃን ልጅ የማታውቀውን ነገር እንደምትጠይቅ ዓይነት አድርጋ፣

"ሮብ ዋጌ ማን ናት፣ ፓክ?" አለች።

ፓክ ማርሱዲ ፍላሹን ከኮምፒውተሩ ነቀሉና መዳፌ ላይ አኖሩት።

"ፎቶውን ውሰድ፣ ማስ" አሉኝ። "ማተሚያ ማሽኑ ሳይቆም ድረስ።"