ዩታ እና የጋሽ ቢሻው ሰላምታ

ዩታ ጀርመናዊት ናት፤ ሙያዋ የፊልም ካሜራ ነው። ኮሎኝ ከተማ፣ ካሜራ የሚያከራይ ሱቅ ውስጥ ሌንስ በመወልወል ጀመረች። ቀጥሎ ለሌሎች ባለሙያዎች ፎከስ ያዘች፤ ተዋናዩ ሲጠጋና ሲርቅ ምስሉ እንዳይደበዝዝ ሌንሱን ታስተካክል ነበር። ዋና ቀራጭ ሆና ካሜራ የያዘችው ፀጉሯ መሸበት ሲጀምር ነው። የብርዱን ወራት ማስታወቂያ እየቀረጸች የቤት ኪራይዋን ትሸፍናለች፤ የቀረውን ጊዜ ትልቅ ኩባንያ ለማይደግፋቸው፣ ሠሪዎቹ ራሳቸው ተሯሩጠው ለሚያወጧቸው ፊልሞች ትሰጣለች። ለምን እንደሆነ ስጠይቃት፣ "ማስታወቂያ ላይ ሁሉም ተወስኖ ነው የሚመጣው። እዚህ ግን ያሰብነው ሳይሆን ሲቀር ቆመን እንነጋገራለን" አለችኝ።

ቦንጋ ያመጣቻት ሊና ናት፤ የከተማችን ልጅ፣ የመጀመሪያ ፊልሟን የምትሠራ። እኔ የሰርግ ቪዲዮ ቀራጭ ነኝ፤ ፎከስ እንድይዝና እንዳስተረጉም ቀጠሩኝ። "እትዬ" ብዬ ብጀምር "ዩታ ብቻ" አለችኝ። ዝናብ ሲመጣ ከራሷ በፊት ካሜራውን ስለምትሸፍን የባጃጅ ሾፌሮቹ "ልጇን አዘለች" እያሉ ይቀልዱባት ነበር።

የቀረን የፊልሙ መጨረሻ ነበር። ከመንደሩ ጋር የተጣላ አባወራ በጭጋግ ውስጥ ከጫካው ወጥቶ፣ የቆሙትን ጎረቤቶቹን እንዳላየ ያልፋል። ካሜራችን በጎረቤቶቹ ቦታ ቆሟል። አባወራውን የሚጫወቱት ገበያ ማር የሚሸጡት ጋሽ ቢሻው ናቸው። ጭጋጉ ፀሐይ ስትበረታ ይገፈፋል፤ ከአዲስ አበባ የተከራየነው ካሜራ ደግሞ በማግስቱ ይመለሳል። ዛሬ ካልተቀረጸ የሊና ፊልም መጨረሻ የለውም።

ጋሽ ቢሻው መጡ። እኛ ጋ ሲደርሱ ባርኔጣቸውን አንስተው ጎንበስ አሉ። "እንደምን አደራችሁ?"

"ጋሼ፣ ዝም ብለው ይለፉ ብዬዎት ነበር!" አለች ሊና።

"እሺ ልጄ።"

ሁለተኛው ቀረጻም እንዲሁ ሆነ። በሦስተኛው ከንፈራቸውን ገጥመው ደረሱ፤ እጃቸው ግን ወደ ባርኔጣቸው ሄደ።

"ኧረ ጋሼ፣ ጠዋት ሰላም ብለውን የለ!" አለች ሊና።

"ሄጄ መጣሁ እኮ! ሰው ቆሞ እያየሁ እንደ በሬ ልለፍ?" ወደ እኔ ጠቆሙ። "ከፈለግሽ መጀመሪያ ከዚህ ከፍቃዱ ጋር አጣዪኝ።"

ሳቅን። ሊና አልሳቀችም፤ ዓይኗ ጭጋጉ ላይ ነው። ከዛፎቹ ጫፍ መሳሳት ጀምሯል።

ዩታ ዓይኗን ከካሜራው አንስታ፣ "የእውነት የተቆጡ ቀን ምን እንደሚያደርጉ ጠይቃቸው" አለችኝ።

"ተቆጥቼም ሰላም እላለሁ" አሉ ጋሽ ቢሻው። "መቆጣቴን ድምፄ ይናገር የለ?"

ስተረጉምላት ወደ ሊና ዞረች። "ፊልሙ ያንቺ ነው። እኔ ግን ያን ሰላምታ በቅርብ ባየው ደስ ይለኛል።"

ሊና የጻፈችውን መጨረሻ ከወረቀቱ ላይ ሰረዘች። ከዚያ "እሺ፣ ሰላም ይበሉ" አለች። ዩታ ሌንስ ቀየረች።

ጋሽ ቢሻው ከጭጋጉ ወጡ። ካሜራው ፊት ቆመው ባርኔጣቸውን አነሱ። "እንደምን አደራችሁ" አሉ፣ ጥርሳቸውን እንደነከሱ። መልስ አልጠበቁም፤ አለፉ። ፎከሱ እንዳያመልጠኝ ፈርቼ እንጂ አንገቴን በደፋሁ ነበር።

"ከት!" አለች ሊና እንባዋን እየጠረገች።

ጋሽ ቢሻው ከመንገዱ ተመለሱ። እንደገና ባርኔጣቸውን አንስተው አንድ በአንድ ጨበጡን። የዩታን እጅ እንደያዙ ወደ እኔ ዞሩ።

"የቅድሙ ሰላምታ የሰውየው ነው፤ ይኸኛው የኔ ነው በላት።"