የኬንጂ የመጨረሻው ፊልም

ትናንት ሲግናል አካባቢ ታክሲ ስጠብቅ ዝናብ መጣና መንገድ ዳር ከተተከለ የለቅሶ ድንኳን ጥግ ተጠለልኩ፤ የእርጥብ ሸራ ሽታ አፍንጫዬን ሲመታው ግን መቆም አቃተኝና ዝናቡ እየደበደበኝ በእግሬ ወደ ሲ.ኤም.ሲ. ተያያዝኩት። ያ ሽታ ለእኔ የኬንጂ ሽታ ነው።

ኬንጂ ልጅ ሳለሁ ከወሰን ሰፈር በላይ ወዳለው መንደራችን ፊልም ሊያሠራ የመጣ ጃፓናዊ ፕሮዲውሰር ነበር። የእንጦጦን ጋራ በጠዋት ጉም የምትሮጥ ልጅ ሲፈልግ እህቴን ትዕግስትን አገኘ፤ እሷም ፊልሙ ጃፓን ሲታይ የሚወስዳት የሩጫ ክለብ አይጠፋም ብላ፣ ከዚያን ቀን ጀምሮ ቁርሷን እንኳ ቆማ ነበር የምትበላው። ፕሮዲውሰር ምን እንደሚሠራ ግን ሰፈሩ አልገባውም። ካሜራ አይነካም፣ ዳይሬክተሩ ሲጮህበት ዝም ይላል፣ ለሁሉም ዳቦ ገዝቶ ራሱ መጨረሻ ይበላል፤ እናቴ «ምስኪን፣ ተላላኪያቸው ነው» እያለች ከሌሎቹ አብልጣ ታጎርሰው ነበር። አስተርጓሚው እንደነገረን ግን በልጅነቱ የፊልም ጥቅል ለሲኒማ ቤቶች ከማመላለስ ተነስቶ፣ ብዙ ሰው ያላያቸውን ጥቂት ፊልሞች አሠርቶ፣ ይኼኛው ካልተሳካለት ሌላ ዕድል የሚሰጠው የማያገኝ ሰው ነበር።

ትዕግስት ከጋራው ወርዳ እናታችን በራችን ላይ የምትቀበልበት ቀረጻ ብቻ ሲቀር፣ ጎረቤታችን ጋሼ ደምሴ ሞቱ። ድንኳኑ ልክ በራችን ፊት ተተከለ። ዳይሬክተሩ ለአንድ ጠዋት ይነሳልን ሲል ኬንጂ እምቢ አለና፣ ድንኳኑ ደጃፍ ላይ ጫማውን አውልቆ፣ በካልሲው ጭቃውን ረግጦ፣ ከሽማግሌዎቹ መሀል ተቀመጠ።

«በማን በኩል ነው ዘመድነቱ?» አሉ ከሩቅ የመጡ አንድ አዛውንት።

«በእናቱ በኩል ነው አባባ» አላቸው አጠገባቸው የነበረ ጎረምሳ፣ ሳቁን በጋቢው አፍኖ።

ሠልስቱ ሳይደርስ የፊልም ሠሪዎቹ የበረራ ቀን ደረሰና ያቺን ቀረጻ ሳያነሱ ሄዱ። ድንኳኑ በፈረሰ ማግስት የጋሼ ባለቤት እትዬ አስካለ ነገሩን ሰምተው እቤታችን መጡ። «ብትነግሩኝ ምን ነበረበት? ደምሴ እኮ በጠዋት የሚነሳው ይቺ ልጅ ስትሮጥ ለማየት ነበር! ድንኳኑን እኔው ራሴ አስነሳው ነበር» ብለው አለቀሱ። ሐዘንተኛን እንዲህ ያለ ነገር መጠየቅ ነውር ነው ብለን ማናችንም አልጠየቅናቸውም፤ ኬንጂ ደግሞ ከእኛ ብሶ አፍሮ ነበር።

ትዕግስት ከኬንጂ ስልክ እየጠበቀች ክረምቱን ሙሉ ሮጠች፤ ከዚያ አቆመች። ዛሬ ሲ.ኤም.ሲ. ልብስ ትሸጣለች፣ እኔም ግጥም እየጀመርኩ መንገድ ላይ እጥላለሁ። ትናንት በስብሼ ሱቋ ገባሁና፣ እየሄድኩ ስሙን ፈልጌ ያገኘሁትን ስልኬ ላይ አሳየኋት፤ ከእኛ ሰፈር በፊት ያሠራቸው ፊልሞች አሉ፣ ከዚያ በኋላ ምንም የለም።

ሹራብ እያጠፈች ነበር። «እኔ እኮ» አለች፣ «ሌላ ሯጭ አግኝቶ ፊልሙን የጨረሰው መስሎኝ ነበር ይኼን ሁሉ ዓመት የተናደድኩበት።»

ከሩጫዋ የቀራት ይኼ ንዴት ብቻ ነበር፤ እሱንም ወሰድኩባት። ሹራቡን አጥፋ ጨረሰች፣ ዘረጋችው፣ እንደገና ማጠፍ ጀመረች።