የጃፓኗ ልጅና የእኔ ሽማግሌዎች

እኔን ለጋብቻ ሊጠይቁ የመጡትን ሽማግሌዎች የተቀበለው ታናሽ ወንድሜ ነበር። እናትና አባታችን በሕይወት የሉም፤ ሲያትል ውስጥ እኔ ለእሱ፣ እሱም ለእኔ ብቻ ነን። ያሳደግኩት ልጅ ሊድረኝ ወይም ሊከለክለኝ ሶፋ ላይ ተኮፍሶ ተቀመጠ። የጠየቀኝ ሰው ዴንቨር ነው የሚኖረው፤ እሺ ከተባለ መሄዴ ነው። ወንድሜ «እናስብበት» ብሎ ቀጠሮ ሰጣቸው። ይሁን፣ ወግ ነው። ሁለተኛ ሲመጡም «እናስብበት» አለ። ሰውየውን ወድጄዋለሁ፤ ግን ሴት ልጅ በገዛ አፏ «ዳሩኝ» አትልም ተብዬ ነው ያደግኩት።

በዚያው ሰሞን ወንድሜ ካፒቶል ሂል ከሚሠራበት ምግብ ቤት ሁለት የሲኒማ ትኬት ይዞ መጣ። ድምፅ የሌለው የጥንት የጃፓን ፊልም ነው፤ ከሸራው ሥር አንዲት ሴትዮ ፒያኖ ትጫወታለች። ሚስቱ የሞተችበት ጃንጥላ ሠሪ አንዲት ልጅ አለችው። ልጅቷ ለጋብቻ ተጠይቃለች፤ አባትየው ሂጂም ቅሪም አይልም። እንዴት እንደወደድኳት! አትጮህ፣ አታለቅስ። የአባቷን ልብስ አጣጥፋ ስትጨርስ እጇን ከላዩ ማንሳት ያቅታታል፣ በቃ። የእኛ ሰው ቢሆን ደረት ይደቃ ነበር። «ዝም አይነቅዝም» የተባለው ለእሷ መሰለኝ።

ልጅቷ ጓዟን ይዛ ደጃፍ ደረሰችና ተመለሰች፤ ጎንበስ ብላ ለአባቷ ሻይ ልታፈላ እሳት ማያያዝ ጀመረች። ይሄኔ ወንድሜ አዲስ አበባ ሲኒማ ቤት የገባ ይመስል ጮኸ።

«ኧረ ሂጂ አንቺ! ሻዩን ራሱ ያፍላ!»

ፈረንጆቹ ሁሉ ዞረው አዩን። እኔ በሳቅ ልሞት ደረስኩ። እሱ ግን ፊልሙ እስኪያልቅ ቀና ብሎ አላየኝም።

ወደ ቤታችን ወደ ፌደራል ዌይ ስንነዳ «እና፣ ዴንቨር ይበርዳል አሉ» አለኝ።

«አሉ» አልኩት።

ለሦስተኛ ጊዜ በሩ ሲንኳኳ እኔ መኝታ ቤት ተደብቄያለሁ። ወንድሜ ከፈተ።

«ሰጥቻለሁ፣ ጋሼ!»

የሽማግሌዎቹ ታላቅ ገና ከደጅ ናቸው። «ቆይ እንጂ ልጄ፣ መጀመሪያ እንጠይቅህ!» አሉት።

በወጉ፣ ለጋብቻ የተጠየቀች ልጅ በዚያ ሰዓት አትወጣም። እኔ ወጣሁ። ወንድሜ በሩን እንደያዘ ያለቅስ ነበር፤ ሽማግሌዎቹ ፊት እቅፍ አደረግኩት።