የጋሼ መኰንን ቡድን የመጀመሪያ ዓመት

ልጅ ሳለሁ በስደት አገር፣ ኤድመንተን ከተማ፣ ከምንኖርበት ፎቅ በላይ ባለው ቤት ጋሼ መኰንን የሚባሉ ጎረቤት ነበሩን። እናታችን ቢሮ ልታጸዳ ማታ ማታ ስትወጣ፣ እኔንና ታላቅ ወንድሜን ዮናስን የሚጠብቁን እሳቸው ነበሩ። ቀኑን አውቶቡስ ሲነዱ ውለው፣ የደንብ ልብሳቸውን እንኳ ሳያወልቁ ይመጡና ከኤሌክትሪክ ማሞቂያው አጠገብ ይቀመጣሉ። ያኔ ዮናስ መብራቱን ያጠፋል፤ ክፍሉን የሚያበራው የማሞቂያው ቀይ ሽቦ ብቻ ይሆናል፣ የተቃጠለ አቧራ ይሸታል፣ የጋሼም ፊት ከአገጫቸው ጀምሮ ይቀላል። ፍም ማለት ለእኛ እሱ ነበር።

የሌላው ቤት ሽማግሌ ስለ ጅብና ጦጣ ሲያወራ፣ የእኛው ጋሼ የሚተርኩልን ስለ አሜሪካ ኳስ ነው። በወጣትነታቸው ለትምህርት ወደዚያ ተልከው ሳለ፣ ኮሌጃቸው ለመጀመሪያ ጊዜ ቡድን ያቋቁማል። ጨዋታው ኳሷን ታቅፈው የሚሮጡበት፣ የራስ ቁር አጥልቀው እንደ ወይፈን የሚላተሙበት ነው። ጋሼ አገር ቤት እግር ኳስ ተጫውተው ስለነበር ኳሷን በእግር የሚለጋው ሰው እሳቸው እንዲሆኑ ተመረጡ። ሜዳው የከብት ግጦሽ እንደነበር፣ የራስ ቁሩ ጆሯቸውን እንዴት እንደላጠው ሲነግሩን ዮናስ መተንፈስ ይረሳል። ብቻ ጨዋታው ሊያልቅ ሲል ሰዓታቸውን ያዩና «በሉ፣ የቀረው ለነገ ይደር» ይላሉ። በነጋታው ደግሞ ሌላ ጨዋታ ይጀምራሉ። ማን እንዳሸነፈ ነግረውን አያውቁም፤ እኛም እሳቸው እንዳሸነፉ እርግጠኞች ስለነበርን ጠይቀን አናውቅም። ዮናስ ትምህርት ቤት በእሳቸው ሳይኮራ የዋለበት ቀን የለም።

አንድ ዓርብ እያለቀስኩ ቤት ገባሁ። በትምህርት ቤቶች የዱላ ቅብብል ውድድር የመጨረሻዋ ዱላ ተቀባይ እኔ ነበርኩ። ከፊት ሆነን ጎን ለጎን የምንሮጠው ሁለት ልጆች ነበርን፤ ያችኛዋ ተደናቅፋ ስትወድቅ «እኔን» ብዬ ቆምኩና አነሳኋት። በእኛ ቤት ሰው ሲወድቅ እያየ ዝም ያለ ልጅ የሚደርስበት ቁጣ አይጣል ነው። ሌሎቹ ሯጮች ጥለውን ሄዱ። የቡድኔ ልጆች ከዚያ በኋላ ፊታቸውን አዞሩብኝ፣ ከእንግዲህም ከእነሱ ጋር ምሳ ላይ እንዳልቀመጥ ነገሩኝ። እኔም ሰኞ ትምህርት ቤት አልሄድም ብዬ አልጋዬ ውስጥ ተሸጎጥኩ። እናቴ ለምና ለምና የሥራ ሰዓቷ ደርሶ ወጣች።

ጋሼ ሲመጡ ዮናስ ሁሉንም ነገራቸው። «እርስዎ ቢሆኑ ጥለዋት ነበር የሚሄዱት፣ አይደል?» አላቸው።

ጋሼ እጃቸውን ሲያሞቁ ቆዩ። ከዚያ እኔን ከአልጋዬ አስጠሩና የዚያን ዓመት የመጨረሻ ጨዋታ ጀመሩ፤ ያን ቀን ለነገ አላሳደሩትም። ቡድናቸው በጠባብ ልዩነት እየመራ፣ የሌላው ቡድን ልጅ ጋሼ የለጓትን ኳስ ተቀብሎ እየበረረ ይመጣል። ሊያስቆመው የቀረው ሰው ጋሼ ብቻ ነው። ለሯጩ መንገድ የሚጠርግለት ጓደኛው ግን ጋሼ እግር ሥር ተደናቅፎ ወደቀ። ጋሼ «እኔን» ብለው ጎንበስ አሉና እጃቸውን ዘረጉ። ሯጩ በአጠገባቸው አልፎ ሄዶ የማሸነፊያዋን ነጥብ አስቆጠረ።

ዮናስ ቀልድ መስሎት ሳቀ። «ሌሎቹን ጨዋታዎች ግን አሸንፋችኋል?»

«አንዱንም አላሸነፍንም» አሉ ጋሼ። «አዲስ ቡድን ነበርን፤ የመጣው ሁሉ ሲደቁሰን ከረመ።»

ዮናስ ተነስቶ መብራቱን አበራው። እኔ ግን ቆጭቷቸው እንደሆነ ጠየቅኋቸው።

«እንዴት አይቆጨኝ። እስከ ዛሬም ይቆጨኛል። ግን እጄ መቼ አማከረኝ? እናቴ ያሳደገችው እጅ ነው። ያንቺም እንደዚያው ነው፣ ምን ይደረግ።»

ብቻዬን መብላት ያስፈራኛል አልኳቸው። እንደሚያስፈራ አልደበቁኝም፤ እሳቸውም ለብዙ ጊዜ ብቻቸውን እንደበሉ፣ ኋላ አንድ ቀን አንዱ ተጫዋች ሳህኑን ይዞ መጥቶ አጠገባቸው እንደተቀመጠ ነገሩኝ።

ዮናስ ከዚያ ወዲያ ስለ ኳሱ እንዲያወሩለት ለምኗቸው አያውቅም። ይህ እንደሚመጣ ጋሼ ሳይገባቸው አልቀረም፤ እኔ ግን ያስተዋልኩት ካደግሁ በኋላ ነው። በዚህ ሰፊ ከተማ ስማቸውን የሚጠራ ሰው ሳያጋጥማቸው የሚውሉ ሰው ነበሩ፤ ጀግና የነበሩት እኛ ቤት ብቻ ነው። እሱንም ለእኔ ሲሉ ተዉት። ሳስበው ዛሬም አንጀቴን ይበላኛል።

ሰኞ ጠዋት ሄድኩ። ምሳዬን ብቻዬን በላሁ። ማክሰኞም ሄድኩ።