ጋሼ ሚኮላ፣ የመጋዘኑ ግራንድማስተር

ባለፈው ቅዳሜ ታናሿን ልጄን ሶልያናን ዳላስ አጠገብ ዋይሊ ከተማ ወዳለው ቤተ መጻሕፍት ለቼዝ ትምህርት ወሰድኳት። አስተማሪው ገና ወጣት ነው። ለልጆቹ ግራንድማስተር የሚባለው ማዕረግ ምን እንደሆነ ሲያስረዳ፣ ብዙ ተጫዋች ዕድሜ ልኩን ለፍቶ እንደማይደርስበት ነገራቸውና፣ “ግራንድማስተር በአካል ያየ አለ?” ብሎ ጠየቀ። እኔ ከኋላ ከወላጆች ጋር ተቀምጬ ነበር። ሳላስበው እጄን አወጣሁ።

“የት አገኙት?” አለኝ።

“አብረን እንሠራ ነበር። ፋርመርስ ብራንች ከተማ፣ የቧንቧ ዕቃ መጋዘን ውስጥ።”

በትሕትና ፈገግ ብሎ ወደ ትምህርቱ ተመለሰ። እንዳላመነኝ ገባኝ። ሶልያና ግን መኪና ውስጥ ከገባን በኋላ አልለቀቀችኝም።

“ዳዲ፣ ሲሪየስሊ? ማለቴ፣ ግራንድማስተር ለምን ዌርሃውስ ይሠራል?”

እስከ ቤት ድረስ ነገርኳት። መንገዱ አልበቃንም፤ የቀረውን ጋራዥ ውስጥ ሞተር አጥፍተን ጨረስነው።

ጊዜው እንደ ፈረንጆቹ በዘጠናዎቹ አጋማሽ ነው። ሃያ አራት ዓመቴ ነበር፤ ከሱዳን የስደተኞች ካምፕ ዳላስ ከገባሁ ዓመት አልሞላኝም። ከጓደኛዬ ከዳዊት ጋር ኧርቪንግ ከተማ አንድ አፓርትመንት ተከራይተን፣ ጠዋት ጠዋት በአሮጌዋ ቶዮታው ወደ ሥራ እንሄዳለን። መጋዘኑ ጣሪያው ቆርቆሮ ነው። ሐምሌ ሲገባ ሙቀቱ ከላይ ይወርድና፣ ከቀትር በኋላ የብረት መደርደሪያውን በባዶ እጅ መንካት ያቅታል።

ሚኮላን ያወቅናቸው እዚያ ነው። ስድሳ ያለፋቸው፣ ረጅም፣ ቀጭን ዩክሬናዊ ነበሩ። በዚያ ሙቀት እንኳ ሸሚዛቸውን እስከ አንገታቸው ይቆልፋሉ። ትእዛዝ የሚመጣልን ከቢሮ በድምፅ ማጉያ ነበር። እኛ ወረቀት ይዘን፣ በየመደርደሪያው የተለጠፈውን ጽሑፍ እያነበብን ስንዞር፣ እሳቸው እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው ቀጥ ብለው ይሄዱና ዕቃውን ይዘው ይመለሳሉ። በአጠገባቸው ስታልፍ ካልተናገርክ ሰላም አይሉህም። ኩራት መሰለን። ዳዊት “ሰውየው ጄኔራል ነበር መሰለኝ” ይል ነበር።

በምሳ ሰዓት እኔና ዳዊት ካምፕ የተማርነውን ቼዝ እንጫወታለን። አንድ ቀን አልሆን ብሎኝ ንጉሤን አስተኛሁና በበርበሬ ወደ ሠራሁት ፓስታ ዞርኩ። ሚኮላ ከጎረቤት ጠረጴዛ ጥቁር ዳቧቸውንና በጨው የኮመጠጠ ኪያራቸውን ትተው መጡ። ፊታቸውን ሰሌዳውን ሊነካ እስኪደርስ አስጠግተው አዩና፣ “አልተሸነፍክም” አሉኝ።

ንጉሤን አቆሙት። ፈረሴን አንስተው፣ ማንም ጤነኛ ሰው የማያስቀምጥበት ቦታ፣ የዳዊት ንግሥት አፍ ውስጥ አስገቡት። ዳዊት እየሳቀ በላው። ከዚያ አንድ ወታደር ገፉ። የዳዊት ሳቅ ቆመ። በሦስተኛው እርምጃ ንጉሡ መውጫ አጣ።

“የት ነው የተማሩት?” አልኳቸው።

“አገሬ። ግራንድማስተር ነበርኩ” አሉ፤ ታክሲ ነጂ ነበርኩ እንደሚል ሰው። ከዚያ ወደ ዳቧቸው ተመለሱ።

በሳምንቱ ኧርቪንግ ቤተ መጻሕፍት ሄደን አንድ ወፍራም የቼዝ መጽሐፍ አገላበጥን። ስማቸው አለ። ፎቶም አለ፦ ጥቅጥቅ ያለ ፀጉር ያለው ጎረምሳ፣ ከፊቱ አንገቱን የደፋ ሰው። የተሸነፈው ሰው ከዓመታት በኋላ የዓለም ሻምፒዮን እንደሆነ ከሥሩ ተጽፏል። ዳዊት መጽሐፉን ቀስ ብሎ ዘጋና፣ “እኔ ትናንት ይሄን ሰውዬ ካርቶን አቀብለኝ ብዬዋለሁ” አለ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ጋሼ ሚኮላ አልናቸው። ትርጉሙን ስንነግራቸው ደስ አላቸው። ቤታቸው ከእኛ ሰፈር ስለማይርቅ ጠዋትና ማታ ይዘናቸው እንሄድ ጀመር። ሠላሳ አምስት ቁጥር መንገድ ላይ ትራፊክ ሲይዘን፣ በእኛም በእሳቸውም ስብርባሪ እንግሊዝኛ ታሪካቸውን ያወሩናል። የተወለዱት ፖልታቫ ነው። አባታቸው ከጦርነት አልተመለሱም። ጨዋታውን ያስተማራቸው በባቡር ጣቢያ የሚሠራ አንድ እግሩ የተቆረጠ ሰው ነው፤ የቼዝ ወታደሮቹን የቀረጸው ከከሰል ማስቀመጫ ሣጥን እንጨት ነበር። በሃያ ሁለት ዓመታቸው የዩክሬን ሻምፒዮን ሆኑ። ግን ወንድማቸው በጦርነቱ ጊዜ ወደ ውጭ ጠፍቶ ስለነበር፣ የሶቪየት መንግሥት ለዓመታት ከአገር እንዳይወጡ ከለከላቸው። ጓደኞቻቸው ዓለምን ዞረው ሲጫወቱ፣ እሳቸው ጨዋታዎቹን በጋዜጣ ይከታተሉ ነበር። በሩ ሲከፈት የመጫወቻ ዕድሜያቸው አልፎ ነበር። ልጃቸውን ተከትለው ቴክሳስ መጡ።

በመስከረም ኩባንያው በአንድ ቅዳሜና እሁድ የመደርደሪያዎቹን ቦታ በሙሉ ቀየረ። ሰኞ ጋሼ ሚኮላ አምስት የተሳሳተ ዕቃ አመጡ። ማክሰኞ ጠዋት ባሰ። ሱፐርቫይዘራችን ራንዲ “እስከ ሐሙስ አያለሁ” ብሎ ሄደ።

በዚያው ቀን ምሳ ሰዓት ረድፍ አራት ውስጥ አገኘኋቸው። አንዱን የመደርደሪያ ጽሑፍ በጣታቸው ይዳስሳሉ። ያን ጊዜ ገባኝ።

“ጋሼ፣ አይታይዎትም እንዴ?”

“ቅርጽ አያለሁ። ፊደል ካየሁ ሁለት ዓመት ሆነኝ።”

ስንት ወር ሙሉ ኩራት ያልኩት ይህን ነው። መጋዘኑን በሙሉ ዓይናቸው ሳይደክም በቃላቸው ይዘውት ነበር፤ አሁን ፈረሰባቸው።

“ላንብብልዎት?” አልኳቸው።

ጀመርን። በየረድፉ እየዞርን እኔ አነባለሁ፦ ክርን የሚባለው የቧንቧ ማጠፊያ፣ ባለ ሦስት መጋጠሚያ፣ ቫልቭ፣ ልክ፣ ቁጥር። እሳቸው ዓይናቸውን ጨፍነው ይከተሉኛል። አንድ ጊዜ እንኳ ድገም አላሉኝም። በሁለት ቀን የምሳ ዕረፍት፣ ከዳር እስከ ዳር አሥራ አራቱንም ረድፍ ጨረስን። ጉሮሮዬ ደርቆ ነበር።

“ረድፍ ሰባት ላይ” አሉኝ ስንጨርስ፣ “አንዱን የመዳብ ክርን ሁለት ቦታ አንብበኸዋል። አንደኛው ስህተት ይመስለኛል።”

ሄጄ አየሁ። ከታች ያለው ነሐስ ነበር። ተሳስቼ ያነበብኩት እኔ ነኝ። መጽሐፉ ላይ ያለው ጎረምሳ ማን እንደሆነ በእውነት የገባኝ ያን ጊዜ ነው።

ሐሙስ ራንዲ ራሱ ወረቀት ይዞ የሃያ ዕቃ ትእዛዝ ጠራ። ጋሼ ሚኮላ ሃያውንም ሳያዛንፉ አመጡ። ራንዲ ኮፍያውን አውልቆ፣ “ሰኞ ምን ነክቶህ ነበር?” አላቸው።

ዝም ቢሉ ያልፍ ነበር። በልቤ ዝም ይበሉ አልኩ።

“ማንበብ አልችልም። ዓይኔ ጠፍቷል። ይህ ልጅ አንብቦልኝ ነው በቃሌ የያዝኩት” አሉት።

ራንዲ ወረቀቱን አጥፎ ወደ ቢሮው ገባ። እኔ ተናደድኩ። “ጋሼ፣ አልፈው ነበርኮ፤ ለምን ነገሩት?”

“ካርታ ስትጫወት እጅህን ትደብቃለህ” አሉኝ። “ቼዝ ላይ ግን ያለው ሁሉ ሰሌዳው ላይ ነው፤ ተጋጣሚህም ያየዋል። እኔ ሌላ ጨዋታ አልለመድኩም።”

በማግስቱ ጠዋት ራንዲ ጠራቸውና የዕቃ ማንሻ መኪናው፣ ፎርክሊፍት፣ ባለበት ከእንግዲህ መሥራት እንደማይችሉ ነገራቸው። ከዚያ ቢሮ አስገብቶ፣ ከድምፅ ማጉያው ማይክሮፎን አጠገብ ወንበር ሰጣቸው። ከዚያ በኋላ ዕቃ ሲጠራ፣ ያለበትም ቦታ አብሮ ይነገረን ጀመር፦ “ረድፍ ዘጠኝ፣ ከታች ሁለተኛው፣ በስተግራ።” ያ ከባድ የዩክሬን ድምፅ በመጋዘኑ ሁሉ ይሰማ ነበር። አዲስ ሠራተኞች ኮምፒውተር እያዩ የሚያነቡ ይመስላቸዋል። ሁለት ዓመት እንዲያ ሠርተው፣ ብርሃናቸው ጨርሶ ሲጠፋ ከልጃቸው ጋር ወደ ሌላ ስቴት ሄዱ። በኋላ እንዳረፉ በስልክ ሰማሁ።

እኔ አሁን የኤርፖርት ሻትል አውቶቡስ ነው የምነዳው። ቀኑን ሙሉ ሰው ይወጣል፣ ይወርዳል። ሻንጣ የሚገፉ፣ ወለል የሚያጸዱ፣ ከሥራ ወደ ቤት የሚሄዱ ብዙ ዝምተኛ ሰዎች አሉ። ከአጠገቤ ሲቀመጡ “ድሮ ሥራዎ ምን ነበር?” ብዬ እጠይቃለሁ። አንዳንዱ ትከሻውን ነቅንቆ ወደ መስኮቱ ይዞራል። አንዳንዱ ግን ቦርሳውን ከጭኑ ላይ አውርዶ መሬት ያስቀምጥና፣ ወንበሩ ላይ ቀና ይላል። ያን ጊዜ ሬዲዮውን አጠፋለሁ።