የባለቤቴ የናይሮቢ ፓስፖርት

ልጃችን የምትኖረው ናይሮቢ ነው። ባሏ የእኛው አገር ሰው ነው፤ የጭነት መኪና ይነዳል፤ ሞምባሳ ብሎ ከወጣ ቶሎ አይመለስም። የመጀመሪያ ልጇን አርግዛ ሆዷ ሲገፋ ደወለችና እናቷን «አንቺ ካልመጣሽ ማን ያርሰኛል?» አለቻት። ባለቤቴ አላቅማማችም። «እመጣለሁ። ሳትወልጂ እደርስልሻለሁ» አለቻት። ከዲላ ወዲያ ሄዳ የማታውቅ ሴት ናት።

ስልኩን ስትጨርስ ወደ እኔ ዞረች።

«ናይሮቢ በመኪና ይደረሳል?»

«በሞያሌ አድርጎ ይደረሳል።»

«ምን ያስፈልጋል?»

«ፓስፖርት።»

ፓስፖርት ደግሞ መታወቂያ ይፈልጋል፣ የልደት ምስክር ወረቀት ይፈልጋል። እሷ በተወለደችበት ዘመን ለገበሬ ልጅ የልደት ወረቀት የሚጽፍ አልነበረም። እንዲህ ሲሆን ስትወለድ የሚያውቁ ሰዎች ቀርበው ይመሰክራሉ፤ ወረቀቱም በእነሱ ቃል ይጻፋል። የእሷን መወለድ የሚያውቅ ሰው ያለው ቱላ ነው፣ አባቷ አገር። ታላቅ ወንድሟ አንድ ሽማግሌ አስከትሎ መጣና መሰከሩላት። ወረቀቱ ወጣ፤ መታወቂያዋም በዚያው ወረቀት ታደሰ። እኔ አብሬ አልሄድኩም። ግንበኛ ነኝ፤ አረጀሁ እንጂ ሥራዬን አልተውኩም፤ የሰው አጥር ጀምሬ ነበር። ፎቶ የተነሳችውም፣ አሻራ የሰጠችውም ከወንድሟ ጋር ሄዳ ነው። የተሰጣትን ደረሰኝ ሳጥኗ ውስጥ ቆለፈችበትና ቁልፉን አንገቷ ላይ አሰረችው።

«ይሄ ከጠፋ እንደገና ልንጀምር ነው» አለች።

መከታተሉ የእኔ ሥራ ሆነ። እሷን ጉልበቷ ያማታል። ደግሞም እጇ ሞልቷል፤ ቅቤ ታነጥራለች፣ አብሽ ታስፈጫለች፣ ለሚወለደው ልጅ መታቀፊያ ትሰፋለች።

ቢሮው ከከተማችን ፒያሳ ወዲያ ነው። ፓስፖርቱ ታትሞ የመጣለት ሰው ስም ወረቀት ላይ ወጥቶ አጥሩ ላይ ይለጠፋል። አዲስ ዝርዝር ሲመጣ ካሮጌው ጎን ይለጥፉታል፤ አሮጌው ዝናብ እየመታው፣ ፀሐይ እያነጣው እዚያው ይቆያል። ስምህ ካለ ደረሰኝህን ይዘህ ትገባለህ። ከሌለ በር ላይ ያለው ጥበቃ «ገና ነው» ይልሃል፣ ትመለሳለህ። አብዛኛው ሰው ይህን አሁን በስልኩ ነው የሚያየው። የጎረቤታችን ልጅ፣ ባንክ ቤት የምትሠራው፣ አንድ ጠዋት መንገድ ላይ አገኘችኝ።

«አባባ፣ የደረሰኙን ቁጥር ይስጡኝና እኔ እዚሁ ስልኬ ላይ ልይልዎት። ምን ያመላልስዎታል?»

«አጥሩ ላይ ተለጥፎ የለም እንዴ?»

«ተለጥፏል፣ ግን...»

«እንግዲያ ሄጄ አየዋለሁ።»

«አቤት እልህ» ብላ ስቃ ታክሲዋን ያዘች።

እልህ አልነበረም። ማንበብ እችላለሁ። መሠረተ ትምህርት ጊዜ ነው የተማርኩት፤ ቀን ድንጋይ ስጠርብ ውዬ ማታ ማታ። አልፈጥንም፤ አንዱን ቃል ይዤ ስታገል ሌላው ሰው ሦስት ያነባል። ግን ዝርዝሩ የሚሄደው በፊደል ተራ ነው፤ ከሀ ይጀምርና ይወርዳል። የፊደሉን ተራ ደግሞ እንደ ጸሎት አውቀዋለሁ። ስለዚህ ሁሉን ማንበብ አያስፈልገኝም። የባለቤቴ ስም የሚጀምርበት ፊደል ጋ እሄዳለሁ፣ ጣቴን አስቀምጬ ወደታች እወርዳለሁ፣ ፊደሉ ሲያልቅ እመለሳለሁ። ፈጣን ነበርኩ። እንደውም አጠገቤ ያሉት ገና ከላይ ሲጀምሩ እኔ ጨርሼ እሄድ ነበር።

አጥሩ ሥር የማይጠፉ ሰዎች ነበሩ። አንድ ጎልማሳ ዱባይ ወንድሙ ጋ ሊሄድ ይጠብቃል። እየመጣ ሳይሆን እየኖረ ነው የሚመስለው፤ የት ጥላ እንደሚውል፣ የትኛው ጥበቃ ቀልድ እንደሚያውቅ ለአዲስ ሰው ያስረዳል። አንድ ቀን እኔን ያዘኝ።

«አባት፣ እርስዎ የት ሊሄዱ ነው?»

«የትም አልሄድ።»

«ታዲያ ምን ይጠብቃሉ?»

«ሚስቴ ጥላኝ ልትሄድ ነው። ወረቀቷን የምከታተልላት እኔ ነኝ።»

ተሳቀ። ከዚያ በኋላ ገና ስደርስ «ዛሬስ አመለጠች?» ይለኝ ጀመር። «ገና አለች» እለዋለሁ። የእሱ ስም ቀድሞ ወጣና ሄደ። እኔ ቀረሁ።

ጥበቃውን ሁለት ጊዜ ጠይቄዋለሁ። ስሟን ነገርኩት። ጨዋ ልጅ ነው፤ በእጁ የያዘውን ዝርዝር ገልጦ አየና «በዚህ ስም የለም አባት፣ ደረሰኙን ይዘው ቢመጡ ውስጥ ይጠየቅ ነበር» አለኝ። ደረሰኙ ሳጥን ውስጥ ነው፣ ሳጥኑ ተቆልፏል፣ ቁልፉ አንገቷ ላይ ነው። ስሟ አጥር ላይ ሳይወጣ ደረሰኙን አደባባይ ይዤ የምዞርበት ምክንያት አልታየኝም። «ሲወጣ አመጣዋለሁ» አልኩት።

እንዲህ ስመላለስ ልጃችን ወለደች።

የደወለው ባሏ ነው። ወንድ ነው፣ ደህና ናቸው አለ። ባለቤቴ መጀመሪያ እልል አለች፣ ከዚያ ስልኩን በሁለት እጇ ይዛ ትጠይቀው ጀመር።

«ማን አለ አጠገቧ?»

«ጎረቤት አለች፣ የአገሩ ሴት ናት፣ ጥሩ ሰው ናት።»

«ምን አበላቻት?»

«ሻይ በዳቦ» አለ።

ስልኩ ካለቀ በኋላ ባለቤቴ ወደ ጓዳ ገብታ ዱቄት ስትነፋ ሰማኋት። ከሰዓት በኋላ ጎረቤቶች እንኳን ማርያም ማረቻት ሊሉ ሲመጡ ለእያንዳንዷ «ሻይ በዳቦ» ትላቸዋለች፤ ሌላ ነገር አትጨምርም። እነሱም ከንፈራቸውን ይመጥጣሉ። ማታ እግሯን እየታጠበች፣

«አንተ፣ አጥሩን እውነት እያየኸው ነው?» አለችኝ።

«በዓይኔ።»

«በዓይንህማ ነው፣ በምን ልታየው ኖሯል።»

በማግሥቱ ወንድሟ ከቱላ መጣ። ቅቤና ቡላ ይዞ ነው የመጣው። ለአራስ ከሁሉ የሚሻለው የቡላ ገንፎ ነው ብሎ ከእንሰት ማሳው አስፍቆ፣ አድርቆ ነው ያመጣው። ዕቃውን አስቀምጦ ሳይቀመጥ «ወረቀቱስ?» አለ።

«አልወጣም» አልኩት።

«አብሯት አሻራ የሰጠ ሰው ሁሉ ወስዷል። የእኛ ቀበሌ ሴት ከእሷ በኋላ ነው የሰጠችው፣ ወስዳ ሄዳለች።»

«የጥበቃውን እጅ ልጠምዝዘው?»

«ተነስ እንሂድ። እኔም ልየው።»

«እኔ ያላየሁትን አንተ ልታየው ነው?»

«ሁለት ሽማግሌ ቢያየው ምን ይጎዳል» አለና ጋቢውን አጣፋ።

ሄድን። እኔ ቀጥ ብዬ አዲሱ ዝርዝር ጋ፣ ፊደሏ ጋ ሄድኩ፣ በጣቴ ወረድኩ። የለም። ዞር ስል እሱ የለም፤ ወዲያ ጫፍ፣ ዝናብ የመታው አሮጌ ወረቀት ሥር ቆሟል። እሱ ማንበብ የለመደው ጸሎት ቤታቸው መጽሐፍ ቅዱስ ሲነበብ ነው፤ ከላይ ጀምሮ አንድም ሳይዘል ነው የሚሄደው፣ ከንፈሩም ይንቀሳቀሳል። ጠብቄ ጠብቄ ሰለቸኝና መሄድ ስጀምር፣

«ና ወዲህ» አለኝ። «ይቺን ሴት ታውቃታለህ?»

ጣቱ ያለበትን ስም አነበብኩት። መጀመሪያ ስሟን፣ ቀጥሎ የአባቷን፣ ቀጥሎ የአያቷን። የአባቷና የአያቷ ስም የአማቶቼ ነው። የመጀመሪያው ስም አባቷ ያወጣላት ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሙሽራ ሆና ቤታችን ስትገባ እናቴ አዲስ ስም አወጣችላት። በእኛ ቤት ወግ ነው፤ አማት ለሙሽራዋ ስም ታወጣለች። ከዚያ ወዲህ ሰፈሩም፣ ዕድሩም የሚያውቃት በዚያ ስም ነው። የድሮው የቀበሌ መታወቂያዋም ላይ ያ ነበር የተጻፈው። አባቷ ባወጣላት ስም የሚጠራት ቱላ ያለው ዘመድ ብቻ ነው። ምስክር ሆኖ ቀበሌ የቆመውም ይኸው ወንድሟ ነው፤ ስትወለድ የወጣላትን ስም ሲጠይቁት የሚያውቀውን ነገራቸው። ልደቷም፣ መታወቂያዋም፣ ፓስፖርቷም በዚያ ሄደ። እኔ አጥሩ ላይ ስፈልግ የከረምኩት እናቴ ያወጣችላትን ነው።

ይህን ለእሱ ስነግረው አጥሩን ተደግፎ ሳቀ። ጥበቃው ሳይቀር ዞሮ አየን።

«አንተ ሰው፣ ይቺን ሴት ስንሰጥህ ስሟን አልነገርንህም?»

«ነግራችሁኛል።»

«ታዲያ የሌላ ሰው ሚስት ስትፈልግ ነዋ የሰነበትከው።»

ወረቀቱን አየሁት። ከእሱ በኋላ ሌሎች ዝርዝሮች ተለጥፈዋል። ልጄ ሳትወልድ በፊት የተለጠፈ ነው። እሱም ያንን አስልቶ መሰለኝ መሳቁን ተወ።

«ሳይወሰድ የቆየውን ወደመጣበት ይመልሱታል ይላሉ» አለኝ ዝቅ ባለ ድምፅ።

ባጃጅ ይዘን ወደ ቤት ሄድን። ባለቤቴ ደጅ ቁጭ ብላ መታቀፊያውን ትጠልፋለች። የነገራት ወንድሟ ነው፣ በሲዳምኛ። እኔ ሲዳምኛ እሰማለሁ፤ የምሰማ መሆኔን ያውቃል፤ ቢሆንም ከነቀልዱ ነገራት። እሷ አልሳቀችም።

«የትኛው ወረቀት ላይ ነው?» አለች።

«ጫፍ ያለው ላይ» አልኳት።

«ዝናብ የመታው?»

«እሱ ላይ።»

መርፌዋን ጨርቁ ላይ ሰካች። «ነጠላዬን አቀብለኝ» አለች። ሳጥኗን ከፍታ ደረሰኙን አወጣች።

ባጃጁ ውስጥ እሷ መሃል ተቀመጠች። ሆስፒታሉን ካለፍን በኋላ ነው የተናገረችው።

«ስሜን ታውቀው ነበር?»

«አውቀው ነበር።»

«ታዲያ?»

«እሱ የቱላ ስምሽ ነው። እዚህ የሚሠራ አልመሰለኝም።»

«ቱላ ባጃጅ ይደርሳል» አለች። «ደግሞስ በየትኛው ስም እንደወጣ ጠይቀኸኝ ታውቃለህ?»

«አላውቅም።»

«እኔ ደግሞ በእሱ የምትፈልግ መስሎኝ ነው።»

ይህን ስትል ተቆጥታ አይደለም። ወይም ተቆጥታ ይሆናል፣ አላየኋትም፤ ፊቷን ወደ መንገዱ አድርጋ ነበር።

ውስጥ አስገቡን። ፓስፖርቱ አልተመለሰም፣ እዚያው ነበር። አግዳሚ ወንበር ላይ ደርድረውን አንዲት ሠራተኛ በመስኮት ስም እየጠራች ትሰጣለች። ሴትዮዋ ጠራች። ባለቤቴ ተነስታ ሄደች። እኔ ማን ተጠራ ብዬ ዙሪያዬን ሳይ ወንድሟ በክርኑ ጎሸመኝ። አሻራዋን ሰጥታ፣ ፈርማ፣ ደብተሩን ይዛ መጣች። ፎቶዋን አሳየችኝ። ነጠላ ሳትለብስ ፀጉሯን ወደኋላ አድርገው ነው ያነሷት፤ የአባቷን ፊት መስላለች።

ያን ዕለት ቤት ስንገባ ለልጃችን ደወለችላት። ደስ ብሏት አልጮኸችም፣ አላለቀሰችም። «ዕቃ እያሰርኩ ነው» ብቻ አለቻት። ልጄ ከእኔ ጋር እንድታገናኛት ጠየቀች።

«አባዬ፣ ምን አዘገየው?» አለችኝ።

«እኔ» አልኳት።

«እንዴት?»

«እናትሽ ትነግርሻለች።»

በመናኸሪያው ያሳፈርናት ሌሊቱ ሲነጋጋ ነው። ወንድሟ እስከ ሞያሌ ሊያደርሳት አብሯት ወጣ። ቡላው በጆንያ፣ ቅቤው በጣሳ፣ ጣሳው በጨርቅ ታስሮ እግሯ ሥር። ረዳቱ ጣሳውን ፖርቶ መጋላ ላይ ልስቀለው ሲላት «ፀሐይ ያቀልጠዋል፣ አልሰጥም» አለችው። ፓስፖርቷን ቁልፉ በነበረበት ማሰሪያ ከረጢት ሰፍታለት አንገቷ ላይ አንጠልጥላለች። አውቶብሱ ሊንቀሳቀስ ሲል በመስኮት ወጥ የት እንደተቀመጠ ነገረችኝ።

የልጃችን ባል ወደ ሞያሌ የሚመጣ ጭነት ፈልጎ ራሱ ድንበር ላይ ተቀበላት። ወንድሟ ከሞያሌ ደውሎ «አሻገርኳት» አለኝ። ከዚያ በኋላ ዝም ነው። እኔ የጀመርኩትን አጥር ለመጨረስ ሄድኩ። ሰዎቹ እንደዘገየሁ ነገሩኝ፤ እውነታቸውን ነው።

ድንጋይ እያስቀመጥኩ ሳለ ስልኬ ጮኸ። ልጄ ናት።

«ደረሰች» አለችኝ። «ገና እንደገባች እጇን ታጥባ ገንፎ ሠራች። ሁሉንም አስጨረሰችኝ።»

«አንቺስ?»

«ጠገብኩ። አባዬ፣ ያንተንም ነገር ነገረችኝ።»

«ምን አልሽ?»

«ምን እላለሁ። ሳቅኩ። ስፌቱ ግን ያመኛል ስስቅ።»

ሕፃኑ አለቀሰ። ልጄ ስልኩን ሳትዘጋ አንድ ቦታ አስቀምጣው ሄደች መሰለኝ፣ ድምፅ ይሰማኛል። ባለቤቴ ናት የምትናገረው። አማቿን መስኮት ታስዘጋዋለች፣ ንፋስ አራስ ይመታል ትላለች። ውሃ አሙቅ ትለዋለች። ትልቁ ድስት የት ነው ትለዋለች። እሱ «እሺ እማማ፣ እሺ እማማ» ይላል። ድንጋዩን አስቀምጬ፣ ሲሚንቶው እየደረቀ፣ የልጄ ሒሳብ አልቆ ስልኩ እስኪቋረጥ ድረስ አዳመጥኩ።